የዘበኛዋ መደርደሪያ

ሰኞ፣ የካቲት 9 ቀን
ከስፌት ቤቱ

ለምወድሽና ለምታናድጂኝ ታናሽ እህቴ፣

እንዴት ከረምሽ እያልኩ ሦስት መስመር አልፈጅም። ባለፈው ሳምንት እሑድ በስልክ ድምፅሽን ሰምቼዋለሁ፤ ጤና ነሽ፣ ጉንፋንሽ ለቆሻል፣ የሆቴሉ አንሶላም እንደ ጉድ ይታጠፋል። እኛም ደህና ነን። የስፌት መኪናዬ ደህና ናት፤ ዓይኔ ብቻ ክር በመርፌ ቀዳዳ ለማስገባት ሦስት ጊዜ ያስለምነኛል። የምጽፍልሽን ነገር በስልክ ልነግርሽ እችል ነበር። ግን ልጅሽ ስልኩ በጮኸ ቁጥር መጋረጃው ጀርባ ቆማ ጆሮዋን ስለምትተክል አልሆነም። የጎረቤቴ የፀጉር ሠሪዋ ወንድም ሐሙስ ወደ አንቺ ዘንድ ስለሚበር ደብዳቤውን በእጁ ያደርስልሻል። ፖስታውን በደንብ አሽጌዋለሁ፤ ቢሆንም ፀጉር ሠሪዋ ሳታነበው እንደማትሰጠው አውቃለሁ። እግረ መንገዷን መጥበሻዬን ትመልስልኝ።

በመጪው ወር መጥተሽ ልጅሽን ይዘሽ እንደምትሄጂ ነግረሽኛል። ጥሩ። ከመምጣትሽ በፊት ግን ማወቅ ያለብሽ ነገር አለ፤ እሱም ስለ ላክሻቸው አሻንጉሊቶች ነው። ሳቂ እንግዲህ። እኔም ብሆን ፕላስቲክ ደብዳቤ የሚያስጽፈኝ ቀን ይመጣል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

በአራት ዓመት ውስጥ አሥራ አንድ ልከሻል። ድቡን ማን እንደሰፋው እግዜር ይወቀው። የአንገቱ ስፌት ተንጋዶ ወደ ጀርባው ይሄዳል። እኔ ዘንድ ሙያ ልትማር የመጣች ልጅ እንዲህ ብትሰፋ መቀሱን ከእጇ ነጥቄ ወደ እናቷ ቤት እሰዳታለሁ። ሆዱን ሲጫኑት የሚጮኸው ቡችላ አለ፤ የሚያሰማው ድምፅ ጉሮሮው የታመመ ሽማግሌ እንጂ የውሻ አይደለም። ባቡር አለ፣ ትንንሽ ድስቶች አሉ። ስትተኛ ዓይኗን የምትጨፍነው ሴቷ አሻንጉሊት ደግሞ አለችልሽ፤ ስትነሳ አንዱ ዓይኗ ይዘገያል። ሁሉም ጉንጫቸው ቀልቶ ይስቃሉ። ምን እንዳሳቃቸው ቢነግሩን እኛም በሳቅን ነበር።

ልጅሽ መሐላቸው ተቀምጣ ስትስቅ የሚያሳየውን ፎቶ ልኬልሽ ነበር። አልቅሼ ሞትኩ ብለሽ መልሰሽልኛል። ፎቶውን ያነሳሁት እኔ ነኝ። ካነሳሁ በኋላ ምን እንዳደረገች ግን አልነገርኩሽም። ተነስታ እጇን በሳሙና ታጠበች፣ እያንዳንዱን በደረቅ ጨርቅ ወለወለችና ወደ ቦታው መለሰች። ከዚያ ጠረጴዛዬ ሥር ገብታ ክር ባለቀባቸው ማጠንጠኛዎች ተጫወተች።

አትጫወትባቸውም፣ ገባሽ? ትጠብቃቸዋለች። አምስቱ እስከ ዛሬ ከላስቲካቸው አልወጡም። የጨርቅ መደርደሪያዬን ታውቂው የለ? አሁን የእነሱ ነው። ለሙሽራ ቀሚስ የሚሆነው ጨርቄ መሬት ላይ ተጋድሞ፣ ጠማማው ድብ ከላይ ሆኖ ቁልቁል ያየኛል። ጠዋት ከትምህርት ቤት በፊት ታያቸዋለች፣ ስትመለስ ቦርሳዋን ሳታወርድ ታያቸዋለች። አቧራ እንዳይነካቸው ብላ ለእያንዳንዳቸው መሸፈኛ እንድሰፋላት ለምናኛለች። «ለእነዚህ አሮጌ ኮት እንኳ አይገባቸውም» አልኳትና ሰፋሁላት። ዘበኛዋ ብዬ ስም ያወጣሁላት ያኔ ነው። አሁን ሰፈሩ ሁሉ በዚሁ ይጠራታል፤ እሷም አቤት ትላለች።

እኔ ከልጅነቷ የመጣ ንፉግነት ነው ብዬ ተውኩት። በሆዴማ በእናቷ ነው የወጣችው እያልኩ ነበር። አንቺም እኮ የፀጉር ሪባንሽን ለእኔ ከማዋስ ሞት ይሻልሽ ነበር። ኋላ ግን የፀጉር ሠሪዋ ልጅ ለጨዋታ መጣች። እሷም አፍንጫዋን የማትጠርግ፣ ያየችውን ሁሉ ካልነካሁ የምትል ልጅ ናት። ቡችላውን አንስታ ሆዱን ተጫነችው። ያንቺዋ ምን ብታደርግ ጥሩ ነው? ነከሰቻት። ክንዷ ላይ፣ ጥርሷ አንድ በአንድ እስኪቆጠር።

ፀጉር ሠሪዋ እጇ ላይ ቀለም እንደተለቀለቀ እየሮጠች መጣች።

«ለአንድ ፕላስቲክ ውሻ ብላ ልጅሽ ልጄን ትብላት?»

«ያንቺዋስ የሰው ዕቃ ላይ እጇን ምን አስዘረጋት?» አልኳት።

ዘበኛዋ ቡችላውን ደረቷ ላይ አጥብቃ ይዛ ጥግ ላይ ቆማለች። «የእኔ አይደለም!» ብላ ጮኸች። «የእናቴ አደራ ነው! የእኔ አይደለም! ከተበላሸ አትመጣም!»

 ፀጉር ሠሪዋ በቀለማም ጣቷ ወደ ልጅቷ እያመለከተች ወደ እኔ ዞረች።

«ሰማሽ ልጅሽ የምትለውን?»

«ልጄ አይደለችም፣ የእህቴ ናት» አልኳት።

«እሱ ነዋ! እሷ አሻንጉሊቱን የእኔ አይደለም ትላለች፣ አንቺ እሷን የእኔ አይደለችም ትያለሽ። ሁለት ዘበኛ አንድ ቤት!»

ይህን የምትለኝ የሰው ፀጉር አቃጥላ የምታድር ሴት ናት። ልጅሽን ጎትተሽ ውጪልኝ አልኳት። ወጣች። 

በየጥቅሉ የምትከቻትን ቁራጭ ወረቀት እንግዲህ አስቢያት። «ለውዷ ልጄ። አደራ። እናትሽ።» አሥራ አንድ ጊዜ፣ ያለ አንዲት ተጨማሪ ቃል። የሆቴሉ አንሶላ ጣትሽን ቢያደክመው ነው? አውቃለሁ፣ አደራ ስትዪ ራስሽን ጠብቂ፣ አክስትሽን አታስቸግሪ ማለትሽ ነው። ሰው ሁሉ ሲለያይ የሚላት ቃል ናት፤ በር ላይ ተብላ በር ላይ ትረሳለች። አንድ ሕፃን ግን ከአሻንጉሊት ጋር ታሽጋ ስትመጣለት ሌላ ነገር ይመስለዋል። ቃል እንደ ሻንጣ ያለ ቦታው ይጣላል እንዴ?

እሺ። እኔም ብሆን አለሁበት። የአምስት ዓመት ልጅ ሳለች ወረቀቷን አነበብኩላት። «አደራ ምንድን ነው?» አለችኝ። ወገቧ ለሰፋ አንዲት ሴት የጠበባትን ቀሚስ እያስተካከልኩ፣ አፌ ውስጥ አምስት ስፒል ይዤ ነበር። «የሰው ዕቃ ማለት ነው» አልኩ። «ባለቤቱ መጥቶ እስኪወስደው ሳይጎድል፣ ሳይበላሽ የሚጠበቅ። ያበላሸ ሰው አደራ በላ ይባላል። ማንም ፊቱን አያይም።» ትርጉሙ ልክ ነው፤ የተማረ ሰው ብትጠይቂም ይህንኑ ይልሻል። ለእሷ የተነገረው መስሏት ቃል በቃል እንደያዘችው ያወቅኩት ግን ያ ንክሻ የመጣ ቀን ነው።

ታዲያ እኔ ደግሞ ላስተካክል ተነሳሁ። ነገር የማስተካክለው እንዴት እንደሆነ ታውቂዋለሽ፤ በቁጣ። «እናትሽ ስትመጣ ይህን ሁሉ በላስቲክ ጠቅልለሽ ነው የምታሳያት? ለጨዋታ ነው የላከችልሽ! አውርጂና ተጫወቺ!» አልኳት። ሁለት ቀን አሰበችበት። በሦስተኛው ቀን ዓይኗን የምትጨፍነውን አወረደቻት። መስኮቱ ላይ ፀሐይ በሚገባበት ቦታ አስቀመጠቻትና እሷ ወለሉ ላይ በማጠንጠኛዎቹ መጫወት ጀመረች። አሻንጉሊቷ ተመልካች ነበረች። ጨዋታ ከተባለ ይኸው ነው፤ እኔ ግን አልዋሽሽም፣ መኪናዬን አቁሜ አየኋቸው። እራት ሳይቀርብ አንስታ መለሰቻት። ፊቷ ላይ ፈገግታ ነበር፣ የልጅሽ ማለቴ ነው።

በማግስቱ ማክሰኞ ትምህርት ቤት ሄደች። እኔን ምን እንዳቀበጠኝ አላውቅም፣ አሻንጉሊቷን አወረድኳት። የቀሚሷን ስፌት ልይ ብዬ ነው። ጫፉ እንኳ አልተቀመቀመም፣ ክሩ እየተተረተረ ነው። የባለሙያ ዓይን ይህን አይቶ እንዴት ይታገሳል? ለልጅሽ ለትምህርት መክፈቻ ከሰፋሁላት ቀሚስ የተረፈች ቁራጭ ነበረችኝ፤ ለሥራ የማትሆን ስለነበረች እንጂ ለሌላ እንዳይመስልሽ። ትንሽ ሽንሽን ቀሚስ አወጣሁላት። ልክ እንደ ልጅሽ፣ ከነኮሌታው። አለበስኳትና ሽንሽኑን ልተኩስ ካውያ አነሳሁ። ያን ጊዜ አንድ ሹፌር ሱሪዬ ደረሰ ወይ ብሎ በሩ ላይ ጮኸ። ካውያውን አጠገቧ አቁሜ ወጣሁ። ሹፌሩ ስለ ሱሪው፣ ስለ ጉልበቱ፣ ስለ አለቃው እያወራ ሳለ የቃጠሎ ሽታ መጣ።

ካውያው ወድቆባት ነበር። ግራ ጉንጯ ከነፈገግታው ቀልጧል። የሚዘገየው ዓይኗ ተጨፍኖ ቀርቷል።

ያደረግሁትን ልንገርሽ። ቀሚሷን አወለቅሁና ቁርጥራጭ ጨርቅ ከማጠራቅምበት ከረጢት ሥር ቀበርኩት። የድሮውን አለበስኳት። መደርደሪያው ላይ መልሼ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞርኩት። አርባ ስምንት ዓመቴ ነው። የሰፈሩ ሰው በየእለቱ ሙግቱን የሚያመጣልኝ፣ ሐቀኛ ናት የሚለኝ ሴት ነኝ። የአሻንጉሊት ፊት ወደ ግድግዳ አዙሬ የሹፌሩን ሱሪ ጨረስኩ።

ልጅሽ ከትምህርት ቤት ገባች፣ ታጠበች፣ ጨርቋን ይዛ ወጣችና አሻንጉሊቷን አዞረቻት። አላለቀሰችም። ብታለቅስ ኖሮ እናገር ነበር እያልኩ ራሴን አታልላለሁ። ለረጅም ጊዜ የአሻንጉሊቷን ጉንጭ በጣቷ ስትዳብስ ቆየች። ከዚያ ወደ መስኮቱ አየች።

«ፀሐይ ላይ ስላስቀመጥኳት ነው» አለች።

ነው አላልኩም። አይደለምም አላልኩም። ክሩን በጥርሴ በጥሼ ሌላ ክር አስገባሁ።

አሥራ አንድ ቀን ዝም አልኩ። ስንት ሰው ንቄ አልፌአለሁ በሕይወቴ፤ ውሸታሙን፣ ፈሪውን፣ ጥፋቱን ሕፃን ላይ የሚጥለውን። ሁሉንም አንድ ላይ አገኘኋቸው፣ የእኔው ወንበር ላይ ተቀምጠው ይሰፋሉ። ደግሞ ያንኑ ሳምንት እሑድ አንቺ ደወልሽና መጣሁ አልሽ። ዘበኛዋ መጋረጃው ጀርባ ነበረች። እልል ትላለች ብዬ ጠበቅሁ። ወጥታ ጠረጴዛው ሥር ገባች።

ከዚያ ወዲህ እህል ይበቃኛል ትላለች። ጠዋት ጠዋት ፍራሽ አሰጣለሁ፣ የሰባት ዓመት ልጅ። አስተማሪዋ አስጠራችኝ። ብዕሯን እያሽከረከረች «የሥነ ልቦና ጉዳይ ሳይሆን አይቀርም» አለችኝ፤ ይህን ለማለት አራት ዓመት ተምራለች። አንድ ጠቃሚ ነገር ግን ነገረችኝ። ልጆቹ ስለ ወላጆቻቸው ሲያወሩ ያንቺዋ «የእኔ እናት መምጣቷን ትታዋለች» ብላለች። ስንመለስ መንገድ ላይ እጄን ያዘችና ጠየቀችኝ።

«አክስቴ፣ እናቴ ባትመጣስ?»

«ለምን ትቀራለች?»

«እንዲያው። ሥራ ቢበዛባት።»

ሰማሽ? አራት ዓመት ሙሉ በር በር ስታይ የኖረች ልጅ፣ ልትመጪ ወር ሲቀርሽ ሥራ እንዲበዛብሽ ትመኛለች። መጥተሽ መደርደሪያውን አይተሽ፣ ያቺን ፊት አንስተሽ፣ አደራ በላ ብለሽ ጥለሻት እንዳትሄጂ ነው።  እሷ ፊት ግን ፊቴን አኮሳተርኩ፤ ሌላ ፊት የለኝም።

ከትናንት በስቲያ ቅዳሜ ስፌት ቤቱን በስድስት ሰዓት ዘጋሁ። ጨርቅ የምቆርጥበት ጠረጴዛ ላይ አስቀመጥኳት፣ እግሯ ተንጠልጥሎ። አሻንጉሊቷንም አመጣኋት። «ፀሐይ አይደለም ያቀለጣት» አልኩ። «እኔ ነኝ።»

«አንቺ?»

«እኔ። በካውያ። ቀሚስ ሰፍቼላት ልተኩስላት ስል።»

ከከረጢቱ ሥር ቀሚሱን አውጥቼ አሳየኋት። ከአሻንጉሊቷ ይልቅ እኔን ነበር የምታየው።

«እጅሽን አቃጠለሽ?»

«አላቃጠለኝም።»

አሰበች። እንደ አንቺ ቅንድቧን ገጥማ ነው የምታስበው። እኔ ስድብ፣ ለቅሶ፣ ንክሻም ቢሆን ጠብቄ ነበር፤ ክንዴን ለጥርሷ ባስጠጋላት ደስ ባለኝ።

«ለእናቴ እንዳትነግሪያት» አለችኝ። «እኔ ነኝ ያበላሸኋት እላታለሁ። እኔን ብትተወኝ አንቺ ጋ እሆናለሁ። አንቺን ከተቆጣችሽ ግን ማን ጋ ትሆኛለሽ?»

አደራ ማለት እኮ፣ ብዬ ጀመርኩ።  ከጠረጴዛው ላይ አወረድኳትና አቀፍኳት። አራት ዓመት አጥቤያታለሁ፣ አብልቼያታለሁ፣ አልብሼያታለሁ፤ ማቀፍ ግን ከእጄ ጠፍቶ ነበር፣ የምትወሰድ ልጅ ናት እያልኩ። እሷም እንዴት እንደሚታቀፍ ግራ ገብቷት እጇን ወዴት እንደምታደርገው አላወቀችም። ቆይታ ሜትሬን ያዘች፣ አንገቴ ላይ የተንጠለጠለውን።

ለእኔ አታስቢ። ልጅሽን ስትወስጂ መደርደሪያዬን መልሼ አገኛለሁ፣ ጨርቄም ከመሬት ይነሳል። የፀጉር ሠሪዋን አፍ ብቻዬን መስማት ነው እንጂ ሌላ የሚጎድልብኝ ነገር የለም። የልብሷን ልክ ስለሚያስፈልግሽ በዚህ ወረቀት ጀርባ ጽፌልሻለሁ። ቶሎ ታድጋለች፣ ክንዱ ላይ ሁለት ጣት ጨምሪበት። ትከሻዋ ላይ ጠባብ አትወድም። ስትተኛ ካልሲዋን አታውልቂባት።

ሻንጣሽን ያቅልልልሽ፤ አሥራ ሁለተኛ አሻንጉሊት ከገዛሽም እዚያው ለአንሶላው ስጪው። በደህና የሄድሽበት አውሮፕላን በደህና ይመልስሽ። ስትገቢ ወደ መደርደሪያው አትይ፣ ስለ አንዳቸውም አትጠይቂ፤ እሷን እያት። ገና ጫማሽን ሳታወልቂ «እኔ ነኝ ያበላሸኋት» ትልሻለች። ከቅዳሜ ጀምሮ ስትለማመደው እየሰማኋት ነው። እንዳታምኛት። እኔ ነኝ። የምትቆጪ ከሆነ እኔን ተቆጪ፣ እሷ እየሰማች፣ ሳታዝኚልኝ። ከዚያ ግን እሷ እያየች ከጎኔ ተቀመጪና ምሳ አብረን እንብላ። ያበላሸ ሰው እንደማይባረር በዓይኗ ካላየች በቃል አልነግራትም፤ የእኔን ቃል አይተነዋል።

እትዬ የምትያት እህትሽ